የድሮ የነጻ ጃዝ ቅጂዎችን ሳይሸራረፉ መስማት፦ ለዳታው ያዋጣል ወይ?

የአንገረብ ሰሚ፣ ጎንደር

እንዴት ሰነበታችሁ። ጎንደር ፒያሳ አካባቢ በአንድ ወዳጃችን ቤት ቅዳሜ ማታ እየተሰበሰብን የቆዩ የጃዝ ቅጂዎችን የምንሰማ ጥቂት ሰዎች አለን። የምንሰማው በሆቴልና በካፌ ለጨዋታ ማጀቢያ የሚከፈተውን ለስላሳ ጃዝ አይደለም። ኦርኔት ኮልማንን፣ ሴሲል ቴይለርን፣ አልበርት አይለርን፣ ኤሪክ ዶልፊን፣ የመጨረሻ ዓመታቱን ጆን ኮልትሬንን ነው፤ የዜማውንና የምቱን አጥር አፍርሰው የወጡትን። ዓመቶቹን በፈረንጆች አቆጣጠር እንደምጽፍ ከወዲሁ ልናገር።

ክርክሩን ያስነሳው የኮልማን «ፍሪ ጃዝ» ነው። ዲሴምበር 21 ቀን 1960 የተቀዳ፣ 37 ደቂቃ ያህል ያለ እረፍት የሚሄድ ሥራ ነው። ስምንት ሰዎች ይጫወታሉ፤ አራቱ በግራ ስፒከር፣ አራቱ በቀኝ። በግራ ኮልማን፣ ዶን ቼሪ፣ ባሲስቱ ስኮት ላፋሮና ድራመሩ ቢሊ ሂጊንስ አሉ። በቀኝ ዶልፊ በባስ ክላርኔት፣ ፍሬዲ ሃባርድ፣ ባሲስቱ ቻርሊ ሄደንና ድራመሩ ኤድ ብላክዌል። ሁለት ባስ፣ ሁለት ድራም ማለት ነው። ለዓመታት የሰማነው ከእጅ ወደ እጅ በፍላሽ የዞረ፣ ከድምፁ እየጣለ የሚያሳንስ፣ በሰከንድ 128 ኪሎ ቢት ብቻ የሚይዝ ኤም ፒ ስሪ ነበር፤ በእሱ ሁለቱ ባሶች ተደባልቀው አንድ ወፍራም ጉርምርምታ ይሆናሉ። በቅርቡ ምንም ሳይጥል በሚያምቀው የፋይል ዓይነት፣ በፍላክ፣ አግኝተን ከፈትነው። ላፋሮ ከፍ ባሉት ክሮች ላይ ሲሮጥ፣ ሄደን ከታች ጸንቶ ሲረግጥ፣ ለየብቻ ተሰሙን። ሥራው የተሠራበት ሐሳብ ያን ጊዜ ነው የገባን። ግማሹ ቡድን ለሌላው ግማሽ ይመልሳል፤ መልሱ ካልተሰማ የቀረው ጩኸት ብቻ ነው።

ነገር ግን ይህ ሥራ በሲዲ ጥራት ሳይታመቅ 390 ሜጋ ባይት ያህል ነው። ፍላክ አምቆት እንኳን ከ200 በላይ ይቀራል። በ128ቱ ኤም ፒ ስሪ 35 ሜጋ ባይት ብቻ ነው። ዳታ ስንገዛ ገንዘብ አዋጥተን ነውና አንዳንዶቻችን «ያ ሁሉ ልዩነት ለስድሳ ዓመት ቴፕ ምን ያደርጋል?» ይላሉ። እኔ ያዋጣል ባይ ነኝ። የእናንተን መስማት እፈልጋለሁ።

ቁጥር ይናገር፣ ባሕር ዳር

ወንድሜ፣ ንጽጽሩ ሚዛን የጎደለው ይመስለኛል። ለ128 ኪሎ ቢት ዛሬ የሚከራከር ሰው የለም። ፍላክን ማነጻጸር ያለብህ ከ320 ጋር ነው። 320 ኪሎ ቢት ኤም ፒ ስሪ በደቂቃ 2.4 ሜጋ ባይት ይፈጃል፤ ያ ሥራህ 90 ሜጋ ባይት ገደማ ይሆናል። እሱንና ፍላኩን ሌላ ሰው ሳይነግርህ እያፈራረቀ ቢከፍትልህ፣ እውነቴን ነው የምልህ፣ አብዛኛው ሰው አይለይም። ለዚህ የሚረዳ ፕሮግራም አለ፤ ፉባር 2000 ላይ በስውር የማነጻጸሪያ መሣሪያ አለው። ስሙን ሳታይ ስማ፣ ከዚያ ፍረድ።

ሌላው ነገር፣ የምትሰሙት ሁሉ በምርጥ ስቱዲዮ የተቀዳ ነገር አይደለም። አንዳንዱ በክለብ ውስጥ በአንድ ማይክሮፎን የተያዘ፣ ሹሹታ የሞላበት ቴፕ ነው። ከመነሻው የሌለውን ነገር ፍላክ ከየት ያመጣዋል? ያንን ዳታ ብዙ ሥራ ለማግኘት ብታውሉት ይሻላል።

ጸናጽል፣ ጎንደር

ሁለታችሁም ያልነካችሁት ነገር አለ፤ የትኛው ድምፅ ነው ቀድሞ የሚጎዳው? ይህንን ለማየት ከጎንደር ኒው ዮርክ ድረስ መሄድ አያስፈልግም።

የአቋቋም ማስመስከሪያ በሆነው በአታ ባለበት ከተማ ነው ያደግሁት። ከሊቃውንቱ ፈቃድ ጠይቄ አንድ ማኅሌት በትንሽ መቅረጫ፣ ሳይታመቅ፣ በዌቭ ፋይል ቀዳሁ። ከዚያ ያንኑ ቅጂ በኮምፒውተር ወደ 128፣ ወደ 192 እና ወደ 320 ቀየርሁት። ድምፃቸውን ብቻ በሚያሰሙበት ቦታ በ128ም ቢሆን የሚከፋ ነገር የለም። ከበሮውም ደህና ነው። ጸናጽሉ ሲገባ ግን ነገሩ ይለወጣል። ብረቶቹ ተጋጭተው የሚሰጡት ድምፅ መነሻው ስለታም ነው፤ ሻሽ ከማለቱ በፊት ጥርት ያለ ምት አለው። በ128 ያ ምት ይደበዝዛል፣ ውሃ ውስጥ ያለ ይመስላል፤ ሃያ ሰው እኩል የመታው ጸናጽል እንኳ ዳርና ዳሩ የማይታወቅ ሻሽታ ይሆናል። በ192 ይሻላል፤ ግን አንዳንድ ቦታ ምቱ ከመድረሱ በፊት ቀድሞ የሚሰማ ስስ ጭረት አለ።

ምክንያቱ የታወቀ ነው። ኤም ፒ ስሪ ድምፁን በሺህኛ ሰከንድ በሚለኩ ቁርጥራጮች ይከፍልና በእያንዳንዱ ውስጥ ጆሮ አይሰማውም ብሎ የገመተውን ይጥላል። መጣል የሚያመጣው ስሕተት በቁርጥራጩ ሙሉ ይበተናል። ስለዚህ ከስለታም ምት በፊት ጸጥታ መሆን በሚገባው ቦታ ላይ የስሕተቱ ጭራ ቀድሞ ይወጣል። ለመሰንቆ ወይም ለሰው ድምፅ ይህ ብዙም አይጎዳም። ለጸናጽልና ለሲምባል ግን መርዝ ነው።

አሁን ወደ ጃዙ እንምጣ። አልበርት አይለር ጁላይ 10 ቀን 1964 የቀዳውን «ስፒሪችዋል ዩኒቲ» ታውቁታላችሁ። ድራመሩ ሰኒ መሪ ምት አይቆጥርም፤ ሲምባሉን ያለማቋረጥ እያርገበገበ አየሩን ይሞላዋል፤ ጋሪ ፒኮክ በባሱ እዚያ ውስጥ ይሮጣል፤ አይለር በላዩ ያለቅሳል። ያ የሲምባል ሞገድ የሙዚቃው ወለል ነው። ሁለት ሰው እየተጫወተ ሦስተኛው ሹሹታ የሚያሰማ ከመሰላችሁ የሰማችሁት አልበሙን አይደለም። ለስላሳ ፖፕ በ128 ሲሰማ የሚጠፋው ጌጡ ነው፤ ከዚህ ሙዚቃ ግን የሚጠፋው ሥጋው ነው።

ቁጥር ይናገር፣ ባሕር ዳር

እህቴ፣ ይህ በተግባር የተፈተነ ነገር ስለሆነ እቀበላለሁ። ግን 320ውስ? ስለ እሱ አልነገርሽንም።

ጸናጽል፣ ጎንደር

በ320 ያንን ማኅሌት ሳልነገር ከዌቩ ለመለየት በጣም ተቸግሬያለሁ። ይህንን አልደብቅም። ለመስማት ብቻ ከሆነና ዳታው ካልበቃ 320 የሚያሳፍር ነገር አይደለም። ለማስቀመጥ ግን አይሆንም። ኤም ፒ ስሪን ነገ ወደ ሌላ ዓይነት ፋይል ስትቀይረው እንደገና ይጥላል፤ ከተጣለው ላይ ይጥላል። ፍላክን ግን ብትከፍተው የገባውን ቁጥር በሙሉ፣ አንድም ሳይጎድል ይመልስልሃል። የማኅደር ቅጂ ያልነው ነገር ሁሉ በዚህ መያዝ አለበት።

የአንገረብ ሰሚ፣ ጎንደር

«በአንድ ማይክሮፎን የተያዘ ቴፕ ነው» ለተባለው ልመልስ። ኮልትሬን ከዶልፊ ጋር በ1961 ኦገስት በቪሌጅ ጌት ክለብ የተጫወተው በ2023 ወጥቷል። ሪች አልደርሰን የተባለው የድምፅ ባለሙያ የክለቡን አዲስ የድምፅ መሣሪያ እየሞከረ በአንድ ማይክሮፎን የቀዳው ነው። ቴፑ ለአሥርት ዓመታት ጠፍቶ ኒው ዮርክ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት የትወና ጥበባት ክፍል ውስጥ ተገኘ። እንዳልከው ነው፤ ሚዛኑ የተዛባ ነው። የኤልቪን ጆንስ ድራም ገንኗል፣ ባሱ ወደ ኋላ ቀርቷል። ግን ያ አንድ ማይክሮፎን ቤቱን ይዞታል። ዶልፊ ባስ ክላርኔቱን ሲያነሳ ድምፁ ከመድረኩ ተነስቶ ግድግዳ ነክቶ ሲመለስ ይሰማል። ኮልትሬን ሲጀምር ከሩቅ ይመስላል፣ ሲግል ይቀርባል። ይህ ሁሉ የተቀመጠው በደካማው ድምፅ ውስጥ ነው፤ ኤም ፒ ስሪ «ማንም አይሰማውም» ብሎ መጀመሪያ የሚጥለው ደግሞ እሱኑ ነው።

ደግሞ ሹሹታ ያለበት ቴፕ ለኤም ፒ ስሪ ቀላል ነው ብሎ ማሰብ ልክ አይደለም። ሹሹታ ሥርዓት የለውም፤ ሥርዓት የሌለውን ነገር ማመቅ ይከብዳል። ፕሮግራሙ ያለውን ጥቂት ቢት ለሹሹታው ሲያባክን ለሳክስፎኑ የሚቀረው ያንሳል። ንጹሕ የስቱዲዮ ቅጂ 192 ሊበቃው ይችላል፤ አሮጌው ቴፕ ግን የበለጠ ይፈልጋል። ስኒው አፉ ተሸርፏል ተብሎ የቀረው አይሰበርም።

አንድ ነገር ደግሞ ለዳታው የሚያስብ ሰው ይወቅ። «ስፒሪችዋል ዩኒቲ» ሞኖ ነው። ግራና ቀኙ አንድ ዓይነት ስለሆነ፣ ከቴፕ ወደ ኮምፒውተር የተደረገው ዝውውር ንጹሕ ከሆነ፣ ፍላክ አንዱን ብቻ ይዞ «ሌላውም ይኸው ነው» ብሎ ይመዘግባል። ስለዚህ ከስቴሪዮው በእጅጉ ያንሳል። ከማኅደር ከሚወጣው ሥራ ሞኖ የሆነው እንዲህ ነው፤ የፈራነውን ያህል ዳታ አይበላም።

ጀማሪ ሰሚ፣ አዘዞ

ውይይቱን በደስታ እየተከታተልሁ ነው። ጥያቄዬ አጭር ነው፤ 24 ቢት 192 ኪሎ ኸርዝ የሚባለውን ላውርድ ወይስ የሲዲው ይበቃኛል?

ቁጥር ይናገር፣ ባሕር ዳር

የሲዲው ይበቃሃል። የሲዲው 44.1 ኪሎ ኸርዝ እስከ 22 ኪሎ ኸርዝ ያለውን ድምፅ ይይዛል፤ የሰው ጆሮ በወጣትነቱ ቢበዛ 20 ነው የሚደርሰው፤ በዕድሜ ደግሞ ይወርዳል። 16 ቢት ከጸጥታ እስከ ጩኸት 96 ዴሲቤል ይሰጥሃል፤ የዚያ ዘመን ቴፕ ከዚህ በጣም ያነሰ ነው ያለው። የ24 ቢት 192 ኪሎ ኸርዙ ፋይል ሳይታመቅ በደቂቃ 69 ሜጋ ባይት ነው፤ የሲዲው 10.6። ያንን ገንዘብ ለጥሩ የጆሮ ማዳመጫ አውለው። ባለ ገመድ ይሁን፤ ብሉቱዝ አብዛኛውን ጊዜ ድምፁን መልሶ ያምቀዋልና የደከምህበትን ፍላክ መንገድ ላይ ይሸርፈዋል።

24 ቢት የሚያስፈልገው ቀጂው ነው። ሲቀዳ ድምፁ ድንገት ከፍ ቢል እንዳይቆረጥ ቦታ ትቶ ለመቅዳት ይረዳል።

የሸክላው ወዳጅ፣ ጎንደር

ልጆቼ፣ ሰላም ለእናንተ ይሁን። ስለ አይለርና ስለ ኮልማን ስታወሩ ሳነብ አንድ ሰው አለመነሳቱ ገረመኝ። ጌታቸው መኩሪያ።

ጌታቸው በቴነር ሳክስፎኑ ሽለላና ፉከራ የተጫወተ ሰው ነው። በ1949 የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ኦርኬስትራ የገባ፣ ሽለላውን በሳክስፎን ማሰማት የጀመረው በ1950ዎቹ ነው። የሚሸልል ሰው ትንፋሹን ሰብስቦ ድንገት ይለቀዋል፤ ቃሉን ይቆርጠዋል፣ ይደግመዋል፣ ያንቀጠቅጠዋል፣ ወደ ጩኸት ይወስደዋል። ጌታቸው ያንን ሁሉ በነሐስ ቱቦ ውስጥ አደረገው። ፈረንጆቹ ኋላ ላይ ሲሰሙት ከአይለርና ከኮልማን ጋር አመሳሰሉት። እነሱ እንደዚያ ቢሰሙት አይገርመኝም፤ ለእኛ ግን መነሻው የጦር ሜዳና የሠርግ ቤት ነው። ፊሊፕስ ያወጣው ሸክላው በኋላ በፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ የ«ኢትዮፒክ» የኢትዮጵያ ሙዚቃ ተከታታይ 14ኛው ቅጽ ሆኖ ወጥቷል። በእርጅናውም ከሆላንዶቹ ባንድ «ዘ ኤክስ» ጋር ተጫውቷል፤ በ2006 የወጣውን «ሞአ አንበሳ»ን ስሙት። በ2016 አረፈ። የቅዳሜው ማኅበራችሁ እሱን ካልሰማ ጎዶሎ ነው እላለሁ።

አሁን የምጠይቀው ነገር አለኝ። ሸክላዎቼን ወደ ኮምፒውተር መገልበጥ እፈልጋለሁ። ልጄ ከአሜሪካ የሸክላ ማጫወቻ ላከልኝ፤ በትራንስፎርመር ነው የምሰካው። ነገር ግን የጌታቸው ሳክስፎን በእሱ ሲሰማ ከለመድሁት ይልቅ ወፍሯል፣ ሽለላውም የደከመው ሰው ሽለላ ይመስላል። መርፌው ይሆን ወይስ ሸክላው አርጅቶ ነው? በዚያ ላይ ኮምፒውተሩ ላይ ስቀዳ እንደ ንብ የሚያንጎራጉር ድምፅ አብሮ ይገባል።

ጸናጽል፣ ጎንደር

ጋሼ፣ እጅ ነሥቻለሁ። ስለ ጌታቸው የጻፉት በዚህ ውይይት ውስጥ መጀመሪያ መጻፍ የነበረበት ነው።

መርፌውም ሸክላውም አይመስለኝም። ፍጥነቱ ነው። የአሜሪካ መብራት 120 ቮልት ብቻ ሳይሆን በሰከንድ 60 ጊዜ የሚመላለስ ነው፤ የእኛ 220 ቮልት ሆኖ 50 ጊዜ ነው። ትራንስፎርመሩ ቮልቱን ይቀንሳል እንጂ ምልልሱን አይቀይርም። የአንዳንድ ማጫወቻዎች ሞተር ደግሞ ፍጥነቱን የሚወስደው ከዚያ ምልልስ ነው። ለ60 የተሠራ ሞተር በ50 ሲሠራ ከስድስት አንድ እጅ ይዘገያል። ሸክላው በደቂቃ 33 ጊዜ ከሲሶ መዞር ሲገባው 28 ጊዜ ሳይሞላ ይዞራል። ድምፁም ከሦስት ግማሽ ድምፅ በላይ ይወርዳል። ቅኝቱ አይበላሽም፤ የድምፆቹ ርቀት እርስ በርሱ እንደተጠበቀ ነው የሚወርደው፤ ለዚህም ነው ስሕተቱ ቶሎ የማይያዘው። የሚበላሸው የሳክስፎኑ ጠባይና ፍጥነቱ ነው፤ ቴነሩ ወደ ባሪቶን ይጠጋል።

ለማረጋገጥ በሸክላው መካከለኛ ወረቀት ላይ ትንሽ ምልክት ያድርጉና በአንድ ደቂቃ ስንት ጊዜ እንደሚዞር ይቁጠሩ። 33 ከሆነ እኔ ተሳስቻለሁ። 28 ገደማ ከሆነ ነገሩ ይኸው ነው። መፍትሔው ሁለት ነው። ለአንዳንዱ ማጫወቻ በሞተሩ ጫፍ ላይ ያለችውን ትንሽ ፑሊ ለ50 በተሠራች መቀየር ይቻላል። ካልተገኘ እንዳለ ቀድተው በኮምፒውተር ፍጥነቱን በ1.2 ማባዛት ነው፤ ኦዳሲቲ የተባለው ነጻ ፕሮግራም ይሠራዋል። ድምፁ ሳይለወጥ ፍጥነቱን ብቻ የሚቀይረውን ትእዛዝ አይምረጡ፤ ሁለቱን አብሮ የሚቀይረውን ነው የምልዎ።

የሚያንጎራጉረው ደግሞ ከመብራቱ መስመር የሚመጣ ነው። በሚቀዱበት ጊዜ የላፕቶፑን ቻርጀር ይንቀሉና በባትሪ ይቅዱ። በአብዛኛው ወዲያው ይጠፋል።

የአንገረብ ሰሚ፣ ጎንደር

የፍጥነት ነገር ታላላቆቹንም አልማረም። የማይልስ ዴቪስ «ካይንድ ኦፍ ብሉ» በ1959 ሲቀዳ አንደኛው ቴፕ መቅጃ በትክክል አልሮጠም ነበር፤ የአንደኛው ገጽ ዜማዎች ከልካቸው ትንሽ ከፍ ብለው ለአሥርት ዓመታት ሲሸጡ ኖሩ፤ የተስተካከለው በ1992 እትም ነው። ስለዚህ ፍላክ ነው ብሎ ብቻ ማመን አይቻልም። ፍላኩ የተሰጠውን ስሕተትም ሳይቀንስ ይጠብቀዋል።

ቁጥር ይናገር፣ ባሕር ዳር

በዚህ ላይ እኔም የምጨምረው አለ፤ ብዙ ሰው እየተታለለበት ነው። «ፍላክ ነው» ተብሎ የሚሸጥ ወይም የሚታደል ፋይል ሁሉ ፍላክ አይደለም። አንድ ድረ ገጽ ላይ ከፍዬ የወሰድሁት የሴሲል ቴይለር አልበም ከኤም ፒ ስሪ ወደ ፍላክ የተቀየረ ሆኖ አገኘሁት። ፋይሉ ትልቅ ነው፣ ውስጡ ግን ያው የተሸረፈው ነው። ለማወቅ ቀላል ነው። ስፔክ የሚባለው ነጻ ፕሮግራም የድምፁን ሥዕል ያወጣል። ሥዕሉ 16 ኪሎ ኸርዝ ላይ በቢላዋ እንደተቆረጠ ቀጥ ብሎ ካለቀና ከላይ ጥቁር ከሆነ የ128 ልጅ ነው። 20 ላይ ከተቆረጠ ምናልባት የ320 ነው። ጤነኛ የቴፕ ዝውውር ግን ሹሹታው ወደ ላይ እየሳሳ እየሳሳ ይሄዳል፤ ቀጥ ያለ መስመር የለውም።

እዚህ ላይ ግን ጥንቃቄ ያስፈልጋል፤ በጣም የቆየ ወይም በክለብ የተቀዳ ነገር ከመነሻው ከፍ ያለ ድምፅ ላይኖረው ይችላል። ባዶነቱ ሳይሆን አቆራረጡ ነው ማስረጃው።

መሰንቆ በፒያኖ፣ አዲስ አበባ

ሁላችሁም ስለ ሹሹታ አዝናችሁ ታወራላችሁ። ዛሬ ሹሹታን የሚያጠፋ ስንት ፕሮግራም አለ። አጽድቶ መስማት አይሻልም?

ጸናጽል፣ ጎንደር

አይሻልም፤ ቢያንስ ዋናው ቅጂ ላይ በፍጹም። ሹሹታው የሚኖርበት ከፍታ ላይ የሲምባሉ ጭራ፣ የሳክስፎኑ ትንፋሽና የቤቱ ማስተጋባት አብረው ይኖራሉ። ፕሮግራሙ ሹሹታውን ሲነቅል እነሱንም ይዞ ይወጣል። በጣም የጸዳ አሮጌ ቅጂ ሰምታችሁ ከሆነ፣ ዜማው አለ፣ ሰዎቹ ግን ቤት ውስጥ የሉም። በተለይ በዚህ ሙዚቃ አይለር የሳክስፎኑን ሸምበቆ ነክሶ ድምፁን ሲሰነጥቀው፣ ያ ስንጥቃት ለፕሮግራሙ ጉድለት ይመስለዋል። ሙዚቀኛው አስቦ ያመጣውን ድምፅ ማሽን እንደ ቆሻሻ ጠርጎ ሲያወጣው ያናድደኛል።

ማጽዳት የሚፈልግ ሰው ከዋናው ገልብጦ በግልባጩ ላይ ያድርግ። ዋናው ከነሹሹታው ይቀመጥ። ከሠላሳ ዓመት በኋላ ከዛሬው የተሻለ መሣሪያ ይመጣል፤ የሚሠራበት ነገር እናቆይለት።

የአንገረብ ሰሚ፣ ጎንደር

«ዋናው ይቀመጥ» የሚለውን ቃል ላጠናክር። በ1978 ኒው ጀርሲ ሎንግ ብራንች የነበረው የአትላንቲክ ኩባንያ የቴፕ መጋዘን ተቃጥሎ ያልወጡ ቅጂዎች ተደምስሰዋል። ኮልማን «ፍሪ ጃዝ»ን የሠራው ለዚያ ኩባንያ ነው። የኮልትሬን የማርች 6 ቀን 1963 ቅጂ ደግሞ በተቃራኒው ነው የተረፈው፤ በስቱዲዮው በኩል ዋናው ጠፍቶ፣ ኮልትሬን ወደ ቤት የወሰደው የሞኖ ግልባጭ በመጀመሪያ ሚስቱ በናይማ ቤተሰብ ዘንድ ተገኘና በ2018 ወጣ። ዛሬ ዓለም የሚሰማው ያንን የቤት ግልባጭ ነው። ትልቁ ኩባንያ ያጣውን አንድ ቤተሰብ ጠበቀው።

ይህንን የማነሳው ለእኛ ስለሚበልጥብን ነው። አምሃ እሸቴም ሆነ ካይፋ ያሳተሟቸው ሸክላዎች በየቤቱ አሉ፤ ከሸክላው በላይ ደግሞ ካሴቱ አለ። ጎንደር ውስጥ የአዝማሪ ጨዋታ በቤት ቴፕ ያልተቀዳበት ሠርግ ስንት ነው? የእነዚያ ዋናው ቅጂ ኒው ዮርክ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ የለም። ያለው በሣጥን ውስጥ ነው፤ ክሩም ዓመት በዓመት እየተበላሸ ነው። ኮልትሬንን በፍላክ ለመስማት ዳታ የምናዋጣ ሰዎች የራሳችንን አዝማሪ በኤም ፒ ስሪ ቀድተን ካሴቱን ብንጥል ነውር ነው።

የሸክላው ወዳጅ፣ ጎንደር

ልጄ ጸናጽል፣ ቆጠርሁት። 28 እንኳ አልሞላም። የልጅ ልጄ በኮምፒውተሩ እንዳልሽው አስተካከለው፤ ጌታቸው መኩሪያ ቤቴ ተመለሰ። ቻርጀሩን ነቅለን ስለቀዳን ያ ማንጎራጎርም ጠፍቷል። እድሜ ይስጥሽ።

የአንገረብ ሰሚ ያነሳው ነገር እኔን ይመለከታል። በእኛ አቆጣጠር በ1970ዎቹ በሠርግና በክርስትና የቀዳኋቸው ካሴቶች አሉኝ፤ መሰንቆና ቀረርቶ ነው ብዙው። ከተጫወቱት ብዙዎቹ አርፈዋል። አንዳንዱ ካሴት ሲከፈት ድምፁ ታፍኗል፣ ብርድ ልብስ የለበሰ ይመስላል። ይህስ መድኃኒት አለው?

ጸናጽል፣ ጎንደር

አብዛኛውን ጊዜ አለው፣ ጋሼ። መጀመሪያ የማጫወቻው ሄድ፣ ክሩን የሚያነበው ክፍል፣ በአልኮል በደንብ ይጸዳ። ያ ካልበቃ ችግሩ የሄዱ አቀማመጥ ነው። ካሴቱን የቀዳው ቴፕ ሄድና የዛሬው ማጫወቻ ሄድ ጥቂት ከተዛነፉ ከፍ ያለው ድምፅ ይታፈናል። ከሄዱ አጠገብ አንዲት ትንሽ ብሎን አለች፤ ካሴቱ እየተጫወተ በቀጭን ካቻቢቴ በጣም በቀስታ ስትዞር፣ የመሰንቆው ጭራ ከክሩ ጋር ሲፋተግ የሚሰማው ሻካራ ድምፅ አንድ ቦታ ላይ ድንገት ጥርት ይላል። እዚያ ላይ ይቆማል። ለእያንዳንዱ ካሴት እንደገና መፈለግ አለበት፤ አሰልቺ ነው፣ ግን ከዚህ በኋላ የሚመጣ ምንም ማጽጃ ያንን ድምፅ አይመልሰውም።

የሚቀዳው በ24 ቢት፣ በ96 ወይም በ48 ኪሎ ኸርዝ ይሁን፤ ጩኸቱ ከጣሪያው ስድስት ዴሲቤል ያህል ዝቅ ብሎ ይያዝ፤ ከዚያ በፍላክ ይቀመጥ። በሁለት ሃርድ ዲስክ ይገልበጥ፤ ሁለቱ በአንድ ቤት አይቀመጡ። የማን ሠርግ፣ የት፣ ማን እንደተጫወተ ደግሞ እርስዎ እያስታወሱ ይንገሩንና አብሮ ይጻፍ። ፍላክ ፋይሉ ውስጥ ይህንን የሚይዝበት ቦታ አለው።

የአንገረብ ሰሚ፣ ጎንደር

ጋሼ፣ ፈቃድዎ ከሆነ ቅዳሜ ከሰዓት ከእኔ ጋር ሁለት ሰዎች እንመጣለን። ሃርድ ዲስክ ከማኅበሩ መዋጮ እንገዛለን፤ በዚህ ወር አዲስ አልበም ባናወርድም ማንም ቅር አይለውም።

ቁጥር ይናገር፣ ባሕር ዳር

ለዚህ አንድ ሃርድ ዲስክ እኔ ከባሕር ዳር እልካለሁ። የባንክ ቁጥርም አልጠይቅም፤ በአውቶቡስ ሹፌር አደርሰዋለሁ። ፋይሎቹ ሲያልቁ በስፔክ ላያቸው እፈልጋለሁ።

ጸናጽል፣ ጎንደር

ካቻቢቴውንና አልኮሉን እኔ ይዤ እመጣለሁ። ጋሼ፣ እስከ ቅዳሜ ካሴቶቹን ከመስኮቱ ፀሐይና ከስፒከሩ አጠገብ ያርቁልን፤ ከመጫወታቸው በፊትም አንድ ጊዜ እስከ መጨረሻ ተጠቅልለው ይመለሱ፤ ለረጅም ጊዜ የተቀመጠ ክር ይጣበቃል።